አስጎብኚውን ምን እንጠይቅ?

ዛሬ በሐሳብ ሩቅ አገር እንሄዳለን። የምንሄደው ወደ ፓሪስ ነው። ፓሪስ የፈረንሳይ ዋና ከተማ ናት። እዚያ ሉቭር የሚባል ሙዚየም አለ። ሙዚየም ማለት የጥንት ዕቃ፣ ሥዕልና ሐውልት ተጠብቆ ለሕዝብ የሚታይበት ቤት ነው። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ሉቭር ድሮ ምሽግ ነበር። በ1190 ገደማ ፊሊፕ የሚባል ንጉሥ ከተማዋን ከጠላት ለመጠበቅ አሠራው። ቆይቶ የነገሥታት ቤተ መንግሥት ሆነ። ነገሥታቱ ምርጥ ምርጥ ሥዕል ሰበሰቡ። ያን ሥዕል የሚያየው ግን ባለሟልና መኳንንት ነበር። በ1792 ሕዝቡ ንጉሡን ከሥልጣን አወረደ። ልክ በዓመቱ፣ ኦገስት 10 ቀን 1793፣ ቤቱ ሙዚየም ሆኖ ለሕዝብ ተከፈተ።

ለምን በትንሽ ቡድን?

በሉቭር ለእይታ የቀረበው ዕቃ ወደ 35 ሺህ ይጠጋል። እስቲ እናስላ። ለአንዱ ዕቃ አንድ ደቂቃ ብቻ ብንሰጥ፣ በቀንም ስምንት ሰዓት ብንቆም፣ ሁሉን አይቶ ለመጨረስ 73 ቀን ያህል ይፈጃል። ማን ይችለዋል? ስለዚህ መምረጥ ግድ ነው።

ለዚህ አስጎብኚ ያስፈልጋል። አስጎብኚ ማለት እየመራ የሚያሳይና የሚያስረዳ ሰው ነው። በፈረንሳይ ይህ ራሱን የቻለ ሙያ ነው። በትምህርት ይገኛል፤ የሙያ መታወቂያ ካርድም አለው።

እኛ ስምንት ሆነን እንሂድ እንበል። ስምንት ሰው ከአንድ ዕቃ ፊት በአንድነት መቆም ይችላል። የኋለኛውም ይሰማል፤ የሚያፍረውም ይጠይቃል። ሰው ሲበዛ ግን የፊተኛው ያያል፣ የኋለኛው የሰው ጀርባ አይቶ ይመለሳል።

ፊደል ሳናውቅ ደብዳቤ ይዘን የቆምንበትን ቀን እናስታውስ። ወረቀቱ በእጃችን ነው፤ ነገሩ ግን አይገባንም። ሙዚየምም እንዲሁ ነው። ዓይን ብቻውን አይበቃውም። ስለዚህ ሦስት ጥያቄ ይዘን እንግባ።

1. ይህን ማን ሠራው?
2. ለማን ተሠራ?
3. እዚህ እንዴት ደረሰ?

የምንገባው በመስተዋት በተሠራ ትልቅ ሾጣጣ ቤት በኩል ነው። ይህ መግቢያ በ1989 ተከፈተ። በር ላይ ቦርሳ ይፈተሻል። በእጅ መንካት ክልክል ነው። አንድ ሰው ቢነካ ምንም አይመስልም፤ በዓመት ግን የሚመጣው ጎብኚ በሚሊዮን ይቆጠራል። የዚያ ሁሉ እጅ ላብ ድንጋይ እንኳ ይጎዳል።

መጀመሪያ፦ የምሽጉ ግንብ

አስጎብኚያችን መጀመሪያ ወደ ምድር ቤት ያወርዱናል። እዚያ የድሮው ምሽግ ግንብ አለ። ድንጋዩን ቀረብ ብለን ስናይ ትንንሽ ምልክት ተቀርጾበታል። አንዳንዱ የልብ ቅርጽ ነው። የድንጋይ ጠራቢዎቹ ምልክት ነው። የንጉሡ ስም በመጽሐፍ ተጽፏል። የጠራቢዎቹ ስም ግን የለም። የቀረው ይህ ጭረት ብቻ ነው። እንግዲህ «ማን ሠራው?» ለሚለው ጥያቄ መልሱ «ንጉሥ ፊሊፕ» ብቻ አይደለም ማለት ነው።

ሁለተኛ፦ ሕግ የተጻፈበት ድንጋይ

ቀጥለን ከአንድ ጥቁር ድንጋይ ፊት እንቆማለን። ቁመቱ ከሁለት ሜትር ይበልጣል። አናቱ ላይ ሁለት ሰዎች ተቀርጸዋል። የቆመው የባቢሎን ንጉሥ ሐሙራቢ ነው። የተቀመጠው ሻማሽ ነው፤ ባቢሎናውያን የፀሐይና የፍርድ አምላክ ይሉት ነበር። ከሥራቸው ድንጋዩ በሙሉ ጽሕፈት ነው። ፊደሉ ሽብልቅ ይመስላል። ዕድሜው ከ3 ሺህ 700 ዓመት በላይ ነው።

ምን ተጽፎበታል? ወደ 280 የሚሆን ሕግ ተጽፎበታል። ሁለቱን እንስማ፤ ለገበሬ እንግዳ አይደሉም።

አንደኛው ስለ ዕዳ ነው። ባለዕዳ ገበሬ ማሳውን ጎርፍ ቢወስድበት ወይም በውኃ እጦት እህል ባይበቅልለት፣ የዚያን ዓመት እህል ለአበዳሪው አይከፍልም። ወለዱም ይቀርለታል። ሁለተኛው ስለ ውኃ ነው። አንድ ሰው የእርሻውን ግድብ ሳያጠብቅ ቀርቶ ውኃው የጎረቤት እህል ቢያጠፋ፣ የጠፋውን እህል ይተካል።

ይህ ጥሩ ይመስላል። ሁሉም ግን እንዲህ አልነበረም። የጌታ ልጅ ዓይን ያጠፋ የራሱ ዓይን ይጠፋል። የተራ ሰው ዓይን ያጠፋ ግን ብር መዝኖ ይከፍላል። ያው ዓይን፣ ያው ሕመም፤ ፍርዱ ግን ሁለት ነው።

አንድ ነገር ደግሞ ልብ እንበል። ንጉሡ በዚሁ ድንጋይ ላይ፣ የተበደለ ሰው ወደዚህ ይምጣና ጽሑፉ ይነበብለት የሚል ቃል አስጽፏል። «ይነበብለት» ነው ያለው። የተበደለው ሰው ራሱ አያነብማ! ታዲያ የሚያነበው ሰው አንድ ቃል ቢዘል፣ ወይም ለባለጠጋ ቢያደላ፣ ማን ያውቅበታል?

አሁን ሦስተኛውን ጥያቄ እናንሣ። እዚህ እንዴት ደረሰ? ከ3 ሺህ 100 ዓመት በፊት ገደማ የኤላም ንጉሥ ባቢሎንን ወግቶ ድንጋዩን ማረከ። ሱሳ ወደምትባል ከተማውም አስወሰደው። ሱሳ ዛሬ በኢራን ውስጥ ናት። በታችኛው ክፍል ከጽሑፉ የተወሰነው ተፍቆ ባዶ ሆኗል። በ1901 እና በ1902 ፈረንሳውያን ቁፋሮ ሲያደርጉ ድንጋዩ ተሰባብሮ ተገኘ። ፈረንሳይ ከፋርስ መንግሥት ጋር የቁፋሮ ውል ነበራት። በዚያ ውል ድንጋዩ ፓሪስ ገባ።

ሦስተኛ፦ ቁጭ ያለው ጸሐፊ

ከዚያ ወደ ግብጽ ክፍል እንሄዳለን። ከኖራ ድንጋይ የተሠራ ትንሽ ሐውልት አለ። ቁመቱ አንድ ክንድ ያህል ነው። አንድ ሰው እግሩን አጣጥፎ ተቀምጧል። ጭኑ ላይ ጥቅል ወረቀት ዘርግቷል። ቀኝ እጁ ብዕር እንደያዘ ነው፤ ብዕሩ ግን ጠፍቷል። ዓይኑ ከሚያበራ ድንጋይ ስለተሠራ ያየን ይመስላል። ከ4 ሺህ 300 ዓመት በላይ ሆኖታል። የተገኘው በ1850 ሳቃራ በሚባል የግብጽ መቃብር ስፍራ ነው።

ሆዱን እንመልከት። ወፈር ብሏል። ይህ ሰው ማረሻ አልያዘም፤ ድንጋይም አልተሸከመም። በዚያ ዘመን መጻፍ የሚችል ሰው ጥቂት ነበር። የሚችለውም ግብር ይቆጥራል፣ እህል ይመዘግባል፣ ይከበራል። ገበሬው ያመርታል፤ ስንት እንዳመረተ የሚጽፈው ግን ሌላ ነው።

አራተኛ፦ የቃና ሠርግ

አሁን ወደ ላይ እንውጣ። በሉቭር ካሉት ሥዕሎች ትልቁ ይህ ነው። ስፋቱ ወደ 20 ክንድ፣ ቁመቱ ከ13 ክንድ በላይ ነው። ታሪኩን ሁላችንም እናውቀዋለን፤ ጥር 12 ቀን የምናከብረው የቃና ዘገሊላ ሠርግ ነው። የሣለው ቬሮኔዜ የሚባል የጣሊያን ሰዓሊ ነው፤ በ1563 ጨረሰው።

ጌታችን መሐል ላይ ተቀምጧል። እመቤታችን አጠገቡ ናት። ሙሽሮቹስ የት አሉ? በግራ ጥግ ናቸው። በቀኝ በኩል አንድ አሳላፊ ከድንጋዩ ጋን ወይን ይቀዳል። ሙዚቀኛ አለ፤ ውሻም ድመትም አለ። ሰዓሊው ብዙዎቹን ታዳሚዎች ያለበሳቸው የቃናን ሰው ልብስ አይደለም። የራሱን ከተማ የቬኒስን ሀብታሞች ልብስ አልብሷቸዋል። ሰው ሩቅ ታሪክ ሲሥል የራሱን መንደር ይጨምርበታል።

ለማን ተሠራ? ለቬኒስ መነኮሳት ነው። የምግብ አዳራሻቸው ግድግዳ ላይ ነበር። እዚህ እንዴት ደረሰ? በ1797 የናፖሊዮን ጦር ቬኒስን ያዘ። ሥዕሉን ከግድግዳ አወረደና ለጭነት እንዲመች ቆራረጠው። ፓሪስ ደርሶ እንደገና ተሰፋ። በ1815 ናፖሊዮን ሲወድቅ ከየአገሩ የተወሰደው ብዙ ዕቃ ተመለሰ። ይህ ግን ለጉዞ አይመችም ተብሎ ቀረ። በልዋጩ ሌላ ሥዕል ለጣሊያን ተሰጠ። በ2007 በመነኮሳቱ አዳራሽ የዚህ ሥዕል ቅጂ ተሰቀለ። ቅጂ ማለት ዋናውን አስመስሎ የተሠራ ነው።

በዚያው አዳራሽ ትይዩ ላይ ሞና ሊዛ አለች። ሊዮናርዶ ዳ ቪንቺ በሳንቃ ላይ የሣላት የአንድ ነጋዴ ሚስት ናት። ቁመቷ ክንድ ተኩል ብቻ ነው። ብዙ ሰው የሚጋፋው እሷን ለማየት ነው። ብዙዎቹም ለቃና ሠርግ ጀርባቸውን ሰጥተው ይቆማሉ። በ1911 አንድ በሙዚየሙ ሠርቶ የነበረ ሰው ሰርቋት ከሁለት ዓመት በኋላ ተገኘች። ጠፍታ ሳለ ሕዝቡ ባዶውን ግድግዳ ለማየት ይሰለፍ ነበር።

ይህ ነገር እኛንም ይነካል

ሦስተኛው ጥያቄ ከጎንደር ይደርሳል። በጎንደር አቅራቢያ አባ እንጦንስ የሚባል ቤተ ክርስቲያን አለ። ግድግዳው በጨርቅ ላይ በተሣሉ የቆዩ ሥዕሎች ተሸፍኖ ነበር። በ1932 ከፈረንሳይ የመጣ የተመራማሪዎች ቡድን ሥዕሎቹን ከግድግዳው አላቀቀ። በቦታቸው አዲስ ቅጂ ለጠፈ። ዋናዎቹን ፓሪስ ወሰደ። ኋላም በ2006 በተከፈተው ኬ ብራንሊ በሚባል ሌላ ሙዚየም ስብስብ ውስጥ ገቡ። ነገሩ ከቬኒስ ጋር ምን ያህል ይመሳሰላል! ለባለቤቱ ቅጂ፣ ለወሳጁ ዋናው።

ስለዚህ አስጎብኚን «ምን ያምራል?» ብቻ ብለን አንጠይቅ። «እንዴት መጣ?» እንበል። ጥሩ አስጎብኚ በዚህ አይቆጣም። ስለሚያውቀው ያስረዳል።

ይህንኑ ጥያቄ በሰፈራችንም እንጠይቅ። አንድ እንግዳ መጥቶ የብራናውን መጽሐፍ፣ የአያትን ጋሻ ወይም የቆየውን መስቀል «ሽጡልኝ» ሊል ይችላል። ከመስማማት በፊት ማን እንደሠራውና ለማን እንደተሠራ እንወቅ። ቅርስን ያለ ፈቃድ ከአገር ማውጣት በሕግ የተከለከለ ነው። የቀረበልን ወረቀት ካለ ደግሞ እስከ መጨረሻው መስመር ራሳችን እናንብበው። አሁን የሚያነብልን ሰው አንፈልግም።

የመወያያ ጥያቄዎች

1. የሐሙራቢ ሕግ ስለ ጎርፍና ስለ ዕዳ ምን ይላል? በእናንተ አገር ሽማግሌዎች እንዲህ ያለውን ነገር እንዴት ይፈርዳሉ?
2. የቃና ሥዕል ለቬኒስ መመለስ ነበረበት ትላላችሁ? ለምን?
3. በአካባቢያችሁ ያለ አንድ የቆየ ዕቃ ምረጡ። ሦስቱን ጥያቄዎች ጠይቃችሁ መልሱን በአምስት መስመር ጻፉ። ያሠራውን ሳይሆን የሠራውን ሰው ስም መፈለግ አትርሱ።