ምርኮኛው የሚከስሰው ማንን ነው?

የአሜሪካ የነጻነት ጦርነት በትምህርት ክፍላችን ሲነሣ የምንሰማው የጄኔራሎችን ስም፣ የጦር ሜዳዎችን ተራና የውሎችን ቀን ነው፤ ፈተናውም የሚጠይቀን ይህንኑ ነው። ነገር ግን በዚያው ጦርነት እንግሊዞች በኒው ዮርክ ወደብ ለእስር ቤትነት ባቆሟቸው አሮጌ መርከቦች ውስጥ በበሽታና በረኀብ ያለቁት አሜሪካውያን፣ ዘወትር በሚጠቀሰው ግምት መሠረት ከ11,000 በላይ ናቸው። በውጊያ የወደቁት ወደ 7,000 ይገመታሉ። የመጀመሪያው ቁጥር ያከራክራል፤ በግማሽ ብንቀንሰው እንኳ ከታሪኩ ኅዳግ ላይ የሚጣል አይደለም። (በዚህ ጽሑፍ ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ከሞት ከተረፉት ወታደሮችና መርከበኞች ጥቂቶቹ ያዩትን ጽፈው አልፈዋል። ከጓደኞቻችን አንዳንዶቹ እነዚህን ትንንሽ መጻሕፍት የሽማግሌ ወሬ ናቸው፣ እንግሊዝን ለማስጠላት ተጋንነው የተጻፉ ናቸው ይላሉ። እኛ ግን በሌላ መንገድ ልናነባቸው ይገባል እንላለን። ምርኮኛው በጠላት ላይ ይጮኻል፤ አቤቱታውን የሚያቀርበው ግን ለገዛ አገሩ ነው።

የጓደኞቻችን ተቃውሞ ባዶ አለመሆኑን አንክድም። በ1824 በእስራኤል ፖተር ስም የታተመውን ትረካ በአንደኛ መደብ አሳምሮ ያዘጋጀው አታሚው ሄንሪ ትረምቡል ነው፤ ሊቃውንትም ብዙ ቦታ ላይ ይጠራጠሩታል። ይሁን እንጂ ሁሉም ከዘመናት በኋላ በትዝታ የተጻፉ አይደሉም። በ1776 መጨረሻ የተማረከው ቻርልስ ኸርበርት፣ በእንግሊዝ አገር በፕሊመዝ አጠገብ ባለው ሚል በሚባለው እስር ቤት ሁኖ የዕለት ማስታወሻውን ከጠባቂዎች ዓይን እየሸሸገ ይጽፍ ነበር። መጽሐፉ የታተመው እሱ ከሞተ ከብዙ ዓመታት በኋላ፣ በ1847 ነው። እንግዲህ ይህን ሰው አዛውንት ነው፣ ረስቶ ነው ማለት አይቻልም። ደግሞም ጠላትን ብቻ ለመስደብ የተነሣ ሰው አይደለም፤ በ1777 ማለቂያ ላይ የለንደን ሰዎች ለአሜሪካውያን ምርኮኞች ገንዘብ ማዋጣታቸውንና ያም ርዳታ እስር ቤቱ ድረስ መድረሱን ማስታወሻው ይመሰክራል።

ከሁሉ የሚበልጥብን የቶማስ ድሪንግ ትረካ ነው። ድሪንግ በ1782 ተማርኮ ጀርሲ ወደምትባለው መርከብ ተወሰደ። ጀርሲ ቀድሞ 60 መድፍ የታጠቀች የጦር መርከብ ነበረች፤ በኋላ ምሰሶዋ ተነቅሎ፣ የመድፍ መስኮቶቿ ተደፍነው፣ በብሩክሊን ዳርቻ በዋላባውት የባሕር ወሽመጥ ቆመች። በአንድ ጊዜ ከ1,000 በላይ ሰዎች ይታጎሩባት ነበር። ምርኮኞቹ ስድስት ስድስት እየሆኑ ድርጎ ይቀበላሉ፤ ድርጎውም የእንግሊዝ መርከበኛ ከሚሰጠው ሁለት ሦስተኛው ነው። ሌሊት ከታች ይዘጋባቸዋል፤ ሲነጋ መጀመሪያ የሚሠራው ሥራ የሞቱትን ወደ ላይ ማውጣትና ወስዶ በዳርቻው አሸዋ ውስጥ መቅበር ነው። ድሪንግ ፈንጣጣ በመርከቡ ውስጥ መሰራጨቱን ባየ ጊዜ ከአንድ በሽተኛ መግል ወስዶ የእጁን ቆዳ በመርፌ ፍቆ ራሱን ከተበ። ይህን ያደረገው ሐኪም ሳይኖር ነው። ከመጽሐፉ ሁሉ ይህችን ቦታ መርሳት አልቻልንም።

ታዲያ እነዚያ ሰዎች ያን ያህል ጊዜ ለምን በዚያ ቀሩ? የጠላት ጭካኔ ብቻ መልስ አይሆንም። ከጀርሲ እስረኞች እጅግ ብዙዎቹ መንግሥት ፈቃድ ሰጥቷቸው የጠላትን ንግድ በሚዘርፉ በግል መርከቦች ላይ የሚሠሩ ነበሩ። መርከቦቹ የማረኳቸውን እንግሊዛውያን ብዙ ጊዜ ይለቋቸው ስለ ነበር በልውውጥ የሚሰጥ መርከበኛ በአሜሪካኖች እጅ አልተገኘም። ዋሽንግተን ደግሞ በመርከበኛ ፋንታ የተማረከ የእንግሊዝ ወታደር መልሶ መስጠት የጠላትን ጦር ማጠንከር ነው ብሎ አልፈለገም። እንደ ጦር አለቃ ሒሳቡ ትክክል ሊሆን ይችላል። ሒሳቡ የተከፈለው ግን በማን ነፍስ ነበር? ድሪንግ ራሱ የወጣው የመርከቡ ባለቤቶችና አገሩ ሮድ አይላንድ የእንግሊዝ ምርኮኞች ሰብስበው ስለ ላኩለት ነው፤ እንዲህ ያለ ባለቤት ያልነበረው ግን እዚያው ቀረ። ኤበኔዘር ፎክስ በበኩሉ በጀርሲ ከመሞት ብሎ በእንግሊዝ ንጉሥ ጦር ተመዝግቦ ወደ ጃማይካ ሄደ፤ ከዚያም ከድቶ አመለጠ። ይህን ሳይሸሽግ በ1838 አሳትሞታል። በሞቀ ክፍል ተቀምጠን ከሃዲ እንበለው?

ከዚህ በኋላ የመጣው የትሪፖሊ ጦርነት ነገሩን የበለጠ ይገልጠዋል። በጥቅምት 1803 ፊላደልፊያ የምትባለው የአሜሪካ ባሕር ኃይል መርከብ በትሪፖሊ አጠገብ ከባሕር በታች ባለ አለት ላይ ወጥታ 307 ሰዎች ተማረኩ። ካፒቴን ቤይንብሪጅና መኮንኖቹ መጀመሪያ በቀድሞው የአሜሪካ ቆንስል ቤት ተቀመጡ፤ ተራው መርከበኛ ግን ድንጋይ ተሸከመ፣ በብርድ ባሕር ውስጥ ቆሞ የተሰበረ መርከብ ለማውጣት ቆፈረ። ሐኪሙ ጆናታን ካውድሪ ማስታወሻውን በ1806 አሳተመ። ባሕረኛ ወታደሩ ዊልያም ሬይ በ1808 ባወጣው መጽሐፍ የሐኪሙን ማስታወሻ እየጠቀሰ ይነቅፈዋል። በአንድ ምርኮ ውስጥ ሁለት ምርኮ ነበረ ማለት ነው። ሬይ የፓሻውን ሰዎች እንደሚከስስ ሁሉ የአሜሪካን መርከብ ግርፋትና የመኮንኖችን ጭካኔም ይከስሳል። የመጽሐፉን ስም ሲያወጣ «ባርነት» የሚለውን ቃል መረጠ፤ በገዛ አገሩ በ1800 ቆጠራ ከ890,000 በላይ ባሮች ነበሩ። ይህን አንባቢው ራሱ ያመዛዝነው። መርከበኞቹ በ1805 በ60,000 ዶላር ቤዛ ተለቀቁ።

ከተመለሱ በኋላስ? በ1818 የወጣው የጡረታ ሕግ ለድኾች የቀድሞ ወታደሮች ነበር፤ የ1832ቱ ሰፋ አለ። በግል መርከብ ያገለገለው ግን በጠቅላላው ከጡረታው ውጭ ቀረ፤ ጀርሲን የሞሉት እነዚሁ ነበሩ። በ1828 ትዝታውን ያሳተመው አንድሩ ሸርበርን የባሕር ኃይል ጡረተኛ መሆኑን በመጽሐፉ አርእስት ላይ አሳተመ፤ ይህ ማዕርግ ምን ያህል ውድ እንደ ነበረ ከዚህ ይታያል። የሞቱትም ቢሆኑ ማዕበል ከአሸዋው ያወጣው አጥንታቸው በመቃብር ቤት የተሰበሰበው በ1808 ሲሆን፣ ዛሬ በብሩክሊን ፎርት ግሪን የቆመው ሐውልት የተመረቀው በ1908 ነው። ድሪንግ ትረካውን በ1824 ጽፎ በሚቀጥለው ዓመት ሞተ፤ በ1829 ሲታተም አላየውም።

ስለዚህ የታሪክ መምህሮቻችንን አንድ ነገር እንለምናለን። ስለዚህ ዘመን በሚያስተምሩበት ሳምንት የካውድሪንና የሬይን መጻሕፍት ጎን ለጎን ያስነብቡን፤ የልውውጡን ነገር ደግሞ ከዋሽንግተን ደብዳቤዎችና ከድሪንግ ትረካ እያነጻጸርን እንድንከራከርበት አንድ ሰዓት ይስጡን። ይኸ ብዙ አይደለም። አጫጭር መጻሕፍት ናቸው፤ ጊዜ የለንም የሚል ተማሪ ካለ ከድሪንግ የክትባቱን ምዕራፍ ብቻ አንብቦ ይምጣ።