ስለ አቶ አሰፋ ጫቦ ለምን ዝም እንላለን?



ከአርባ ምንጭ ወደ ሰሜን ሽቅብ የሚወጣው መንገድ ዶርዜን አልፎ ጨንቻ ያደርሳል። ብዙዎቻችን ለሽርሽር ወጥተንበታል፤ ሸማኔውንና የቀርከሃውን ቤት አይተን፣ ፖም ገዝተን ወርደናል። አቶ አሰፋ ጫቦ የዚያች የጨንቻ ልጅ መሆናቸውን ግን ስንቶቻችን እናውቃለን?

ነገሩን ያስነሣብን ስለ ቼኮዝሎቫኪያው ሰው ስለ ዪርዢ ዲንስትቢር ያነበብነው ነው። ዲንስትቢር የራዲዮ ጋዜጠኛ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1968 የሶቪየት ታንኮች ፕራግ ከገቡ በኋላ ከሥራው ተባረረ፤ ቻርተር 77 የተባለውን የመብት ጥያቄ ፈረመ፤ ከ1979 እስከ 1982 ታሰረ፤ ሲፈታም የማሞቂያ ምድጃ እሳት አንዳጅ ሆኖ ኖረ። በ1989 መጨረሻ አገዛዙ ሲወድቅ ያው እሳት አንዳጅ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ሆነ። ይኸን አንብበን አደነቅን፤ ማድነቃችንም ደግ ነው። ለፕራጉ ሰው የቸርነውን ለጨንቻው ሰው መንፈጋችን ግን ምን ይባላል?

አቶ አሰፋ የሕግ ሰው፣ ፖለቲከኛና ጸሐፊ ነበሩ። ደርግ ከአሥር ዓመት በላይ አሰራቸው። በ1983 ዓ.ም. በተቋቋመው የሽግግር መንግሥት በተወካዮች ምክር ቤት ተቀመጡ፤ ከገዢው ወገን ጋር ግን አልተስማሙም፤ መጨረሻውም ስደት ሆነ። በጦቢያ መጽሔት ላይ ያወጧቸው የነበሩ ጽሑፎች እስከ ዛሬ በአንባቢ አፍ አሉ፤ ጋሞው ሰው አማርኛን እንዲያ ሲያጫውቱት ማየት መቸም ለእኛ ለአካባቢው ተማሪዎች የተለየ ደስታ ነው። «የትዝታ ፈለግ» የተባለው መጽሐፋቸው ከወጣ ብዙም ሳይቆይ፣ በሚያዝያ 2009 ዓ.ም. በቴክሳስ ዳላስ ከተማ አረፉ።

በፕራግ የተከለከለ ጽሑፍ በታይፕ በካርቦን እየተመታ ከእጅ ወደ እጅ ይተላለፍ ነበር። ጸሐፊውን ተሸክሞ ያቆየው አንባቢው ነው። እኛ ግን ሳይከለከል ትተነዋል፤ ይህ የባሰ ይመስለናል።

አንዳንድ ወዳጆቻችን፣ «ሰውዬው ፖለቲከኛ ነበሩ፤ የተማሪ ወረቀት ከዚህ ይራቅ» ይሉናል። አቶ አሰፋ ያሉትን ሁሉ ተቀበሉ አላልንም። እኛም ራሳችን በሁሉም አንስማማም። አይረባም የሚል ካለ በዚሁ ወረቀት ላይ ይጻፍና እንከራከር። የጋሞ ሕዝብ ጉዳዩን ወደ ዱቡሻ አውጥቶ በአደባባይ ይነጋገርበታል እንጂ በየጓዳው አያንሾካሹክም። በመስከረም 2011 ዓ.ም. በዚህችው ከተማ ለበቀል የተነሣውን ወጣት ሽማግሌዎቻችን እርጥብ ሣር ይዘው ተንበርክከው ሲመልሱት አገር ሁሉ አይቷል። ቃላቸው የተሰማው በዱቡሻ መሰማማትን የለመደ ሕዝብ ስላለ ይመስለናል። ታዲያ የተማረው ልጅ ከአባቶቹ ይልቅ ንግግር የሚፈራው ስለ ምንድን ነው?

ስለዚህ ማኅበራችን ከፈተና በፊት አንድ ምሽት መድቦ ከመጽሐፉ እንዲያስነብበን፣ መምህራንም መጥተው እንዲሞግቱን እንጠይቃለን። ደግሞም ጥቂት ተማሪዎች ወደ ጨንቻ ወጥተው፣ የሚያውቋቸው አረጋውያን በሕይወት ሳሉ የሚያስታውሱትን ይጻፉ። ጋሞኛ የሚናገሩ ጓደኞቻችን ይምሩን፤ እኛ ደብተርና እርሳስ ይዘን እንከተላለን። የመኪናውን ሒሳብ ማኅበሩ ባይችል ከየኪሳችን እናዋጣለን።