ጉድጓዱ የማን ነው?

አዲስ አበባ እግረኛ መንገድ ላይ ክዳኑ የጠፋ ማንሆል ውስጥ የገባ ሰው ማንን ይክሰስ? የመንገዱን መሥሪያ ቤት? የውሃውን? የስልኩን? የመብራቱን? ሁሉም ቆፍረው ያውቃሉ፤ ስትጠይቋቸው ግን ጉድጓዱ የሌላው ነው።

ሕግ ጠፍቶ አይደለም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ፣ አንቀጽ 2126፣ የመንግሥት ሠራተኛ በሥራው ላጠፋው ጥፋት ተጎጂው መንግሥትን ካሳ መጠየቅ ይችላል ይላል። ችግሩ፣ ጥፋተኛውን ፈልጎ የማስረዳቱ ሸክም እግሩ በተሰበረው ሰው ላይ መውደቁ ነው።

እኔ ኮድ ጽፌ ነው የምኖረው። እኛ ጋ ሲስተም ሲበላሽ ደንበኛው የትኛው ፕሮግራመር እንዳበላሸው አይመረምርም፤ ድርጅቱ ይጠየቃል፣ እርስ በርስ የምንተሳሰበው ከዚያ በኋላ ነው። ለእግረኛውም እንደዚያው ይሁን፦ ለመንገዱ አንድ ተጠያቂ በሕግ ይሰየም፤ መጀመሪያ ተጎጂውን ይካስ፣ ገንዘቡን ከቆፋሪው ራሱ ያስመልስ። «እያያችሁ ሂዱ» ማለትማ ማንም ይችላል።