በምድር ቤት የቀረው ሲኒማችን

ሶልና ውስጥ፣ ሮሱንዳ በሚባለው ሰፈር፣ አንድ አሮጌ የስቱዲዮ ግቢ አለ። ስሙ ፊልምስታደን፣ ማለትም የፊልም ከተማ ነው። ይህ ግቢ እ.ኤ.አ. ከ1920 ገደማ ጀምሮ ለግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል የስዊድን ሲኒማ ዋና ማምረቻ ነበር። ግሬታ ጋርቦ በወጣትነቷ የተወነችው፣ ኢንግማር በርግማንም የ“ሰባተኛው ማኅተም”ን አብዛኛውን ክፍል የቀረጸው እዚህ ነው። ዛሬ ግቢው በመኖሪያ ቤቶችና በቢሮዎች ተሞልቷል፤ ፊልሞቹ ግን አሉ። የሚሹ ሁሉ ፈልገው ሊያገኟቸው ይችላሉ።

ከዚያ ግቢ ብዙም በማይርቅ ሕንፃ ምድር ቤት፣ ባለፈው ክረምት አንዲት ዘመዴን ዕቃ በማውጣት አግዛት ነበር። በሁለት ካርቶን የታጨቁ የቪዲዮ ካሴቶች አገኘን። ከኢትዮጵያ ሱቅ የተገዙ፣ ከዘመድ የተላኩ፣ በእጅ ጽሑፍ ርዕስ የተለጠፈባቸው የአማርኛ ፊልሞችና ቴአትሮች ነበሩ። ሦስተኛው ካርቶን እኔ ከመድረሴ በፊት ወደ ቆሻሻ መጣያ ሄዷል። “ማን ያየዋል? ዴኩም የለን” አለችኝ። እውነቷን ነው። የቪኤችኤስ ዴክ ማምረት የቀጠለው የመጨረሻው ኩባንያ፣ የጃፓኑ ፉናይ፣ ሥራውን ያቆመው እ.ኤ.አ. በ2016 ነው።

ነገሩ እንደ ኢኮኖሚ ባለሙያ አሳሰበኝ። ዘመዴ የወሰደችው ውሳኔ ከእርሷ አንጻር ትክክል ነው፤ ካሴቱ ቦታ ይይዛል፣ ጥቅም አይሰጣትም። የፕሮዲዩሰሩም ስሌት ተመሳሳይ ነው። አንድ የአማርኛ ፊልም ገቢውን በአብዛኛው የሚሰበስበው በሲኒማ ቤት በሚታይባቸው የመጀመሪያ ሳምንታት ነው። ከዚያ በኋላ ዋናውን ቅጂ አስቀምጦ መጠበቅ ወጪ እንጂ ትርፍ የለውም፤ ስለዚህ ሃርድ ዲስኩ ተሰርዞ ለሚቀጥለው ሥራ ይውላል። ሁሉም ለራሱ በትክክል አስልቶ ሳለ፣ በድምሩ አንድ አገር የሲኒማ ታሪኳን ታጣለች። ገበያ ብቻውን የማይፈታው ችግር ይህን ይመስላል፤ ጥቅሙ ለሁሉ የተበተነ፣ ወጪው ግን በአንድ ሰው ትከሻ ላይ የወደቀ ሲሆን ማንም አይከፍልም።

የሚደንቀው አደጋው በዘመን ቅደም ተከተል አለመሄዱ ነው። በእላላ ኢብሳ ድርሰትና በላምብሮስ ጆካሪስ አዘጋጅነት በ1957 ዓ.ም. የቀረበው “ሂሩት አባቷ ማን ነው?” የመጀመሪያው ባለ ሙሉ ርዝመት የአማርኛ ፊልም ተደርጎ ይቆጠራል። በ1960ዎቹ አጋማሽ የሚሼል ፓፓታኪስ “ጉማ” እና የኃይሌ ገሪማ “ምርት ሦስት ሺህ ዓመት” ተከተሉት። እነዚህ ሥራዎች የተቀረጹት በሴሉሎይድ ነው። ሴሉሎይድ በቀዝቃዛና ደረቅ ቦታ ከተቀመጠ ዘመናት ይሻገራል፤ የኃይሌ ፊልምም በውጭ አገር ተቋማት ድጋፍ ታድሶ ዳግም ለመታየት በቅቷል። “ቀዝቃዛ ወላፈን” እና “ጉዲፈቻ” ሲኒማ ቤቶቻችንን በተመልካች የሞሉት ግን በእኛ አቆጣጠር በ1990ዎቹ፣ በቪዲዮ ዘመን ነው። የቪዲዮ ካሴት ዕድሜው በአሥርት ዓመታት የሚቆጠር ነው፤ ቪሲዲ ደግሞ ይጫጫራል። በብዛት የሠራንበትና በብዛት የተመለከትንበት ዘመን፣ በደካማው ዕቃ ላይ የተጻፈው ዘመን ሆነ።

“ዩቲዩብ ላይ አለ እኮ” የሚል መልስ ዘወትር እሰማለሁ። ዩቲዩብ ማሳያ እንጂ ቤተ መዛግብት አይደለም። የሚጫነው ቅጂ ጥራቱ የተቀነሰ፣ አንዳንዴም መጨረሻው የተቆረጠ፣ የጫኚው ምልክት የታተመበት ነው። በባለመብቶች ክርክር ወይም አካውንቱ በመዘጋቱ በአንድ ሌሊት ሊጠፋ ይችላል፤ የማስቀመጥ ግዴታ ያለበት አካል የለምና።

ስዊድንም ይህን ትምህርት ያገኘችው በኪሳራ ነው። እ.ኤ.አ. በ1941 በስቶክሆልም ቪንተርቪከን የፊልም መጋዘን ፈንድቶ፣ የድምፅ አልባው ዘመን ኔጋቲቮች እጅግ ብዙዎቹ ወደሙ። ከተረፉት አንዳንዶቹ የተገኙት በውጭ አገር ነው፤ ከማውሪትዝ ስቲለር የ1916 ፊልም “ባሌትፕሪማዶናን” የቀረው ክፍል የተገኘው በስፔኗ ሳራጎሳ ነው። የስዊድን ፊልም ኢንስቲትዩት በ1963 ተቋቋመ፤ ከ1979 ጀምሮም የድምፅና የምስል ሥራዎችን ቅጂ ለመንግሥት ማስረከብ በሕግ ግዴታ ሆነ። አስረካቢው የሚያጣው አንድ ቅጂ ነው፤ አገር ግን ሙሉ ስብስብ ታገኛለች።

ከዚህ ለእኛ ሁለት ነገር ይወጣል። አንደኛው፣ ወደ ውጭ የተላከ ቅጂ ያልታሰበ መድን መሆኑ ነው። በስቶክሆልም፣ በዋሽንግተን፣ በቶሮንቶ ምድር ቤቶች የተከማቹት ካሴቶች፣ አዲስ አበባ ውስጥ ዋናው ቅጂ ለጠፋበት ፊልም ብቸኛ ምስክር ሊሆኑ ይችላሉ። ሁለተኛው፣ የቅጂ ማስረከብ ግዴታ እጅግ ርካሹ መፍትሔ መሆኑ ነው። በአዋጅ ቁጥር 179/1991 የተቋቋመ ብሔራዊ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት አለን። ማንኛውም ፊልም በሲኒማ ቤት ለመታየት ፈቃድ ሲሰጠው ጥራቱን የጠበቀ አንድ ቅጂ ወደዚያ እንዲገባ ቢደረግ፣ ለፕሮዲዩሰሩ የሚጨምርበት ወጪ የአንድ ሃርድ ዲስክ ዋጋ ነው።

“ሆስፒታል መድኃኒት ባጣበት አገር ስለ ፊልም ማውራት ቅንጦት ነው” የሚለውን ተቃውሞ አቃልዬ አላየውም። በጀት ምርጫ ነው። ሆኖም ውድ የሆነው ማደስ ነው፤ መዘርዘር፣ መሰብሰብና መቅዳት እንዲያ አይደሉም። መጀመሪያ ማን ምን እንዳለው የሚያሳይ ዝርዝር፣ ቀጥሎ ቅጂ፣ እድሳቱ ገንዘብ ሲገኝ። ከዚህም በላይ ልዩነቱ የጊዜ ነው። ዛሬ ያልተሠራ መንገድ በአምስት ዓመት ውስጥ ሊሠራ ይችላል፤ ዛሬ የተጣለ ብቸኛ ካሴት ግን በየትኛውም በጀት አይመለስም። የማይመለስ ኪሳራ ባለበት፣ መጠበቅ ራሱ ከሁሉ የሚከብድ ወጪ ነው።

የሚጠፋው ደግሞ ታሪኩና ተዋናዩ ብቻ አይደለም። በ2016 ዓ.ም. የፒያሳ፣ ቀጥሎም የካዛንቺስ ነባር መንደሮች ፈርሰዋል። ስቱዲዮ ስላልነበራቸው በጎዳናና በሰው ሳሎን የቀረጹት እነዚያ ርካሽ የቪዲዮ ፊልሞች፣ ሳያስቡት የከተማዋን በሮች፣ ሱቆችና ታክሲዎች፣ የሰዉን አነጋገር፣ የቤት ኪራይና የሸቀጥ ዋጋ ሳይቀር መዝግበዋል። እንደ እኔ ላለ የዋጋና የኑሮ ተመራማሪ እንዲህ ያለ ሰነድ በሠንጠረዥ ውስጥ አይገኝም።

አንድ ስጋት ይቀራል። ቅጂዎቹ በውጭ ተቋማት እጅ ብቻ ቢከማቹ፣ ከመቅደላ የተወሰዱትን ብራናዎች የምናስታውስ ሁሉ ቅር ይለናል፤ አግባብም ነው። ስለዚህ ስምምነቱ ከጅምሩ ግልጽ ይሁን። ቅጂ እዚህ ቢቀመጥም ሙሉ ቅጂው አዲስ አበባ ይግባ፣ መብቱም ከሠሪዎቹና ከወራሾቻቸው ጋር ይቆይ።

ከተቋማት በፊት ግን እኛ አለን። በስዊድን የሚገኙ የኢትዮጵያውያን ማኅበራት አንድ ቀን መድበው የአባሎቻቸውን ካሴቶች ርዕስ፣ ዓመትና የተዋንያን ስም ቢመዘግቡ፣ የመጀመሪያው ዝርዝር በአንድ ወቅት ውስጥ ይጠናቀቃል። እኔ የሁለቱን ካርቶኖች ጀምሬአለሁ፤ እስካሁን 31 ርዕስ መዝግቤያለሁ፣ ከእነዚህም ዘጠኙን በኢንተርኔት ፈልጌ አላገኘኋቸውም። የእናንተን ምድር ቤት ከማጽዳታችሁ በፊት ካርቶኖቹን ክፈቷቸው። ሻጋታ ያለበትን ካሴት በዴክ አታጫውቱ፤ ቴፑን ሊበጥሰው ይችላል። ርዕሱን ጽፋችሁ በደረቅ ቦታ አስቀምጡትና ለዚህ ደብዳቤ መልስ አድርጋችሁ ላኩልኝ።