ስለ ሰሎሞን ቤት መሐላ

እንግሊዛዊው ፈላስፋ ፍራንሲስ ቤኮን በ1626 ዓ.ም. (አቈጣጠሩ የፈረንጆች ነው፤ ከዚህ በታች ያለውም እንደዚሁ) ሲሞት ሳይጨርሰው የተወው አንድ ታሪክ ነበር። በማግሥቱ ዓመት «አዲሲቱ አትላንቲስ» ተብሎ ታተመ። ከፔሩ ወደ ቻይናና ወደ ጃፓን የሚጓዙ መርከበኞች ነፋስ አስቸግሯቸው ቤንሳሌም ወደምትባል፥ ማንም ወደማያውቃት ደሴት ይደርሳሉ። በዚያችም ደሴት የንጉሥ ሰሎሞንን ስም የያዘ የሊቃውንት ቤት አለ። እኛ ሰሎሞንን አብዝተን የምናስታውሰው ከንግሥተ ሳባ ጋራ ነው፤ ቤኮን የወደደው ግን ስለ ዛፍና ስለ ቅጠል የተመራመረውን ሰሎሞንን ነው።

ልጆቼ ሆይ፥ በዚህ ቤት የሚያስቀና ብዙ ነገር አለ። ሽማግሌ ተናግሮታልና እውነት ነው የሚል የለም። ነፋሱንና በረዶውን ለመመልከት ከፍ ያለ ግንብ፥ አፈሩንና ተክሉን ለመፈተን የአትክልት ቦታ ሠርተዋል። ዐሥራ ሁለቱ በባዕድ አገር እየዞሩ መጽሐፍና ሙከራ ይሰበስባሉ፤ ሦስቱ አዲስ ሙከራ ያደርጋሉ። ዐይን እንዴት እንደሚታለል የሚያጠኑበት ክፍልም አላቸው፤ ነገር ግን ከመካከላቸው የተፈጥሮን ሥራ አስጊጦ ወይም አጋኖ ያቀረበ ይዋረዳል፥ መቀጫም ይከፍላል። (ይህ ሕግ በየጋዜጣው ቤት ደጃፍ ቢለጠፍ እንዴት ደስ ባለኝ!)

ከዚህ በኋላ ግን የቤቱ አባት አንድ ነገር ይናገራል። ካገኘነው የትኛው ይገለጥ፥ የትኛው ይሰወር ብለን እንመክራለን፤ የሚሰወረውንም ላንገልጥ ሁላችን እንምላለን፤ ከእርሱም አንዳንዱን ለመንግሥት እንነግራለን፥ አንዳንዱን አንነግርም፥ ይላል። ብዙ አንባቢ ይህን ዘሎት ያልፋል። እኔ ግን መጽሐፉን በተማሪዎቼ ፊት በከፈትሁ ቍጥር እዚህ ላይ እቆም ነበር። የተማሩ ሰዎች «ሕዝብ ሁሉን ቢያውቅ ይጠፋል፤ ሊቅ ይምረጥለት» ብለው ይህን መሐላ ሲያመሰግኑ ሰምቻለሁና። ጠቤ ከነዚህ ጋራ ነው።

እኔ አየሁ ብልህና አንተ እንዳታይ ብከለክልህ፥ በእጅህ የቀረው የእኔ ቃል ብቻ ነው። እንግዲያው የቤንሳሌም ሕዝብ «አርስጣጣሊስ ብሏል» እያለ ከሚያምነው ሰው በምን ይሻላል? ወሬን የናቀ ቤት አገሩን ሁሉ በወሬ አሳደረ!

ጉዳቱም በልብ ወለድ ብቻ አይደለም። በቤኮን ዘመን በእንግሊዝ አገር ቼምበርለን የሚባል የሐኪሞች ቤተ ሰብ፥ ምጥ ለጸናባት ሴት ልጇን የሚስብ ፎርሴፕስ የሚባል መሣሪያ አበጀ። አበጀና ደበቀው፤ ከመቶ ዓመት በላይም ከዘር ወደ ዘር በምሥጢር ተላለፈ። በጎረቤት መንደር ያለችው አዋላጅ ሳታውቀው ስንት እናት ሞተች? የቈጠረ የለም። በእኛም አገር ሥሩንና ቅጠሉን ለልጁ እንኳ ሳያሳይ የተቀበረ መድኃኒተኛ ስንት ነው! ኤድዋርድ ጄነር ግን በ1798 የላም ፈንጣጣ ከሰው ፈንጣጣ እንደሚጠብቅ ያየውን አሳትሞ ለሁሉ ሰጠ፤ ሌሎችም ሞከሩት፥ ተከራከሩበት፥ አረሙት። ፈንጣጣ በኢትዮጵያ በ1976 ቆመ፤ በ1980ም ከዓለም መጥፋቱ ታወጀ።

«አቶሚክ ቦምብስ?» ይሉኛል። መልካም ጥያቄ ነው፤ የመርዝ አቀማመም በገበያ ይለፈፍ አልልም። ነገር ግን ያ ቦምብ የተሠራው በምሥጢር አይደለምን? በሰኔ 1945 ጄምስ ፍራንክና ባልደረቦቹ፥ እነርሱው ራሳቸው በሥራው የነበሩ ሊቃውንት፥ ሳይታሰብ በከተማ ላይ እንዳይጣል ጽፈው ለመንግሥት አቀረቡ። ጽሕፈታቸው ከሕዝብ ተሰውሮ ቀረ፤ ነሐሴ 6 ቀን ሂሮሺማ ነደደች። ምሥጢሩ ሂሮሺማን አልጠበቃትም፤ ቦምቡን ከምክር ጠበቀው እንጂ።

በ1660 ለንደን ላይ ሮያል ሶሳይቲን የመሠረቱት ሰዎች የሰሎሞንን ቤት እንደ ምሳሌ ይመለከቱት ነበር። ነገር ግን በ1665 ጸሓፊያቸው ሄንሪ ኦልደንበርግ የየአገሩን ሙከራ በመጽሔት ማውጣት ጀመረ። መመልከቱን ወሰዱ፥ መሐላውን ተዉት።

ቤኮን ያንን የቤቱን አባት ወደ ከተማ ሲገባ ሥሎታል። ባጌጠ ሠረገላ ተቀምጧል፤ ፊቱ ለሰው የሚያዝን ይመስላል፤ እጁን አንሥቶ ዝም ብሎ ይባርካል። ሕዝቡም በመንገዱ ግራና ቀኝ ተሰልፎ ይቆማል። ከዚያ ሁሉ ሰልፍ መካከል አንድ ሰው እንኳ «አባቴ፥ ምን አገኛችሁ?» ብሎ አልጠየቀም።