የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ፦ ቤቱን ለባንክ ያስያዘ ተበዳሪ ከፍርድ ቤት ምን ያገኛል?

አዲስ አበባ፦ በእንጦጦ ግርጌ በሚገኘው ጉለሌ ክፍለ ከተማ፣ በሽሮ ሜዳና በአዲሱ ገበያ የሚሠሩ ሸማኔዎችና ነጋዴዎች ከባንክ ብድር ሲሹ በቅድሚያ የሚጠየቁት መያዣ ነው። ለብዙ ቤተሰብ ከመኖሪያ ቤቱ የሚልቅ መያዣ የለም። ብድሩ በጊዜው ሳይመለስ ሲቀር ታዲያ ጥያቄው አንድ ነው፤ ፍርድ ቤት ሐራጁን ማስቆም ይችላል?

በ1952 ዓ.ም የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 3060፣ አበዳሪው የሕጉን ሥርዓት ሳይከተል በመያዣ የያዘውን የማይንቀሳቀስ ንብረት እንዲረከብ ወይም እንዲሸጥ የሚፈቅድ ውል ዋጋ እንደሌለው ደንግጓል። በዚህም ባንክ ቤት ለመሸጥ አስቀድሞ በፍርድ ቤት መርታት ነበረበት።

አዋጅ ቁጥር 97/1990 ይህን ለወጠው። ባንክ ከተበዳሪው ጋር በውል ከተስማማ፣ ዕዳው በጊዜው ሳይከፈል ሲቀር ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ንብረቱን ራሱ በሐራጅ ሊሸጥና ስመ ሀብቱን ለገዢው ሊያስተላልፍ ይችላል። በሁለተኛው ሐራጅም ገዢ ካልቀረበ ንብረቱን ራሱ መረከብ ይችላል።

ሥልጣኑ ግን ገደብ አለው። ሐራጁ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ከአንቀጽ 394 እስከ 449 የተመለከቱትን ድንጋጌዎች መከተል አለበት። የአዋጁ አንቀጽ 7 ደግሞ ባንኩ ሥርዓቱን ጥሶ በባለዕዳው ላይ ለሚያደርሰው ጉዳት ኃላፊ ያደርገዋል።

የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት ይህን አዋጅ ሲተረጉም፣ ፍርድ ቤቶች ባንኩ በአዋጁ መሠረት የሚያካሂደውን ሐራጅ በእግድ ማስቆም እንደማይችሉና የተበዳሪው መፍትሔ ካሳ መጠየቅ እንደሆነ አቋም ይዟል። የችሎቱ የሕግ ትርጉም የሥር ፍርድ ቤቶችን ያስገድዳል። የፍርድ ቤት በር ለተበዳሪው አልተዘጋም፤ የሚከፈተው ግን ብዙ ጊዜ ቤቱ ከተሸጠ በኋላ ነው።

የአዋጁ ምክንያት ቀላል አይደለም። ባንክ የሚያበድረው የአስቀማጮችን ገንዘብ ነው፤ ያልተመለሰ ብድር በረጅም ክርክር ሲታሰር የሌላው ተበዳሪ ዕድልም አብሮ ይጠብባል። በሌላ በኩል ባንኩ በራሱ ጉዳይ ባለመብትም አስፈጻሚም ይሆናል። ግምቱ ዝቅ ቢል ወይም ማስጠንቀቂያው በአግባቡ ባይደርስ ስህተቱን ቀድሞ የሚያርም ገለልተኛ ዓይን የለም። ካሳ ደግሞ ገንዘብ እንጂ ቤት አይመልስም።

ከሐራጁ ሥርዓት ተለይተው የሚታዩ፣ የመያዣ ውሉን ራሱን የሚነኩ ጥያቄዎችም አሉ። በ1992 ዓ.ም የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በአንቀጽ 68 የጋራ የሆነን የማይንቀሳቀስ ንብረት ለማስያዝ የሁለቱንም ተጋቢዎች ስምምነት ይጠይቃል። ያልተስማማው ወገን ውሉ እንዲፈርስ ለፍርድ ቤት ማመልከት ይችላል፤ ሆኖም መብቱ በአንቀጽ 69 መሠረት ውሉን ካወቀ በ6 ወር፣ ቢበዛ ውሉ ከተደረገ በ2 ዓመት ውስጥ የተወሰነ ነው።

ጉዳዩ ከከተማ ቤት አልፎ ገጠርም ደርሷል። አዋጅ ቁጥር 1324/2016 አርሶ አደሩ በመሬቱ የመጠቀም መብቱን ለብድር ዋስትና እንዲያውል መንገድ ከፍቷል። ብድር ለማዳበሪያና ለምርጥ ዘር መግዣ የሚያስፈልግ ቢሆንም፣ ዝናብ ሲቀር ዕዳው አብሮ አይቀርም። የጉለሌው ትምህርት ለአርሶ አደሩም ይሠራል።

ትምህርቱም ይህ ነው፤ የተበዳሪው ትልቁ ጥበቃ ያለው ከሐራጁ በፊት ነው። የሽያጭ ሥልጣን የሚሰጠው አንቀጽ ከመፈረሙ በፊት ይነበብ። ለዘመዱ ብድር ቤቱን የሚያስይዝ ሰውም ዘመዱ ባይከፍል የሚሸጠው የራሱ ቤት መሆኑን ይወቅ። መክፈል ያቃተው የማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ሳይደርሰው ወደ ባንኩ ቀርቦ የመክፈያ ጊዜው እንዲራዘም በጽሑፍ ይጠይቅ። ደብዳቤው ከደረሰ ደግሞ የደረሰበት ቀን፣ የንብረቱ ግምትና የሐራጁ ማስታወቂያ በሰነድ ይያዙ። ኋላ ካሳ ለመጠየቅ ማስረጃ የሚሆኑት እነዚህ ናቸው።