ማይኩን ከመያዛችን በፊት

በዲፓርትመንታችን የግሩፕ ሥራ ሲሰጥ ማይክራፎን ለመያዝ ሁሉም ይሽቀዳደማል። ካሜራውም ባለቤት አያጣም። ኤዲቲንግ ሲባል ግን መተያየት ይጀመራል፤ በመጨረሻም ዝምተኛው ልጅ ላይ ይወድቃል። ባለፈው ሴሚስተር ያ ዝምተኛ እኔ ነበርኩ።

ታዲያ ሰሞኑን ስለ ባንግላዴሹ ሳይዱል አናም ቱቱል ሳነብ የእኛው ነገር ትዝ አለኝ። ቱቱል ህንድ አገር፣ ፑኔ በሚገኘው የፊልምና ቴሌቪዥን ተቋም ኤዲቲንግ የተማረ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ1979 ለወጣው «ሹርጆ ዲግሃል ባሪ» ለተሰኘው ፊልም በምርጥ ኤዲተርነት የአገሩን ብሔራዊ የፊልም ሽልማት ወሰደ። ራሱ ዳይሬክተር ሆኖ የሠራው «አዲያር» የተባለው ፊልም የወጣው ግን በ2003 ነው። በመሐሉ 24 ዓመት! ፊልሙ ከምርታቸው ግማሹን ለባለመሬት ያስረክቡ የነበሩ የቤንጋል የእኩል አራሾች፣ በ1940ዎቹ ሁለት ሦስተኛው ለእኛ ይቅር ብለው ስለተነሱበት ትግል ነው።

አንዳንዱ «ምን ዋጋ አለው? ዕድሜውን የሰው ፊልም ሲቆርጥ ጨረሰ» ሊል ይችላል። እኔ በበኩሌ አልስማማም። የጎደለውን ነገር ከኤዲተር በላይ የሚያውቅ የለም።

ባለፈው ሴሚስተር አንዲት ቡና ሻጭ እናት ቃለ መጠይቅ አድርገን ነበር። ስለ ቤት ኪራይ እየነገሩን ሳለ «ልጄ ግን…» ብለው ጀመሩ። ሪፖርተራችን ወረቀቱ ላይ ወዳለው ቀጣይ ጥያቄ ዘለለ። ያቺን ቦታ አሥር ጊዜ መልሼ ሰማኋት። ዋናው ታሪክ እዚያ ነበር፤ አሁን ከየት ይምጣ? የሚገርመው ሪፖርተሩ ይህን እስከ ዛሬ አያውቅም። ቴፑን ቁጭ ብሎ አልሰማውማ!

ስለዚህ መምህራኖቻችን ሆይ፣ ማንኛውም ተማሪ ማይክ ከመያዙ በፊት ቢያንስ አንድ የሰው ሥራ ኤዲት ያድርግ እላለሁ። ውጤቱም እኩል ይያዝለት።

ቱቱል በ2018 ሲሞት «ካልቤላ» የተባለው ፊልሙ ገና አላለቀም ነበር። ባለቤቱ ዳር አድርሳው በ2021 ለተመልካች በቃ። የብዙዎችን ሥራ የጨረሰ ሰው፣ የራሱን የመጨረሻ ሥራ ሌሎች ጨረሱለት። ሥራችን የአንድ ሰው አይደለም ማለት ይኼ ነው።

እኔም ለሚቀጥለው የግሩፕ ሥራ ከአሁኑ ልናገር፦ ማይኩን ለእኔ፣ ኤዲቲንጉን ለሪፖርተራችን!